ስምና ባዕድ መነሻ፦ በኤክስኤምኤል የስም ክልል አስተማመር ላይ የቀረበ ሂስ

«አማኑኤል» ሲባል ለምሥራቅ ጎጃም ሰው በቅድሚያ የምትታወሰው በማቻከል ወረዳ ያለችው ከተማ ናት፤ ለአዲስ አበባ ነዋሪ ግን የአእምሮ ሕክምና ሆስፒታሉ ነው። (የከተማዋ ተወላጅ በመርካቶ «ከአማኑኤል መጣሁ» ብሎ ሳያብራራ አያልፍም።) አድማጭ ከአገባቡ ይለያል፤ ኮምፒዩተር ግን ካልተነገረው አይለይም። መረጃን በምልክት እየከፈሉ በሚጽፉበት በኤክስኤምኤል ይህን ጉድለት ለመሙላት እ.ኤ.አ. በጥር 1999 የስም ክልል ደንብ ወጣ።

ጉዳዩ ለኢትዮጵያ ጥናት ሩቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2016 በሃምቡርግ ዩኒቨርሲቲ የተጀመረው «ቤተ መጻሕፍት» የተባለው ፕሮጀክት የብራና መጻሕፍትን የሚመዘግበው ቲኢአይ በሚባለው ሥርዓት፣ በኤክስኤምኤል ነው። በቲኢአይ «ሄድ» የተባለው ኤለመንት የክፍል ርእስን ያመለክታል፤ በኤክስኤችቲኤምኤል ግን ያው ስም ከገጹ ንባብ ውጭ ያለውን የሰነዱን መግለጫ ይይዛል። ሁለቱ በአንድ ፕሮግራም ሲገናኙ የሚለያቸው ክልላቸው ብቻ ነው።

የደንቡ መሠረተ ሐሳብ ትክክል ነው። የኤለመንት ሙሉ ስም የክልሉ መታወቂያና የኤለመንቱ ስም በአንድነት ናቸው፤ ባዕድ መነሻው የመታወቂያው ምትክ የሆነ አጭር ምልክት እንጂ ስም አይደለም። ሊነቀፍ የሚገባው አለባበሱ ነው። መታወቂያው ብዙውን ጊዜ በድረ ገጽ አድራሻ መልክ ስለሚጻፍ፣ ተማሪው ኮምፒዩተሩ ወደዚያ ሄዶ አንዳች ነገር የሚያመጣ ይመስለዋል፤ አያመጣም።

ከዚህ የባሰው ግን ትምህርቱን ከጽሑፉ መልክ መጀመር ነው። ተማሪው «ክሪኤት ኤለመንት» በተባለው ትእዛዝ «ቲኢአይ:ሄድ» ብሎ ይፈጥራል። ሲታተም እንከን የለሽ ይመስላል፤ በማኅደረ ትውስታ ውስጥ ግን ኤለመንቱ ክልል የለውም፤ በክልሉ የሚፈልግ ፕሮግራምም አያገኘውም። ሰነዱ ከክልል መግለጫው ጋር ተቀምጦ እንደገና ሲነበብ ስሕተቱ ይሰወራል፤ መምህሩንም ጭምር የሚያደናግረው ይህ ነው። መፍትሔው የክልሉን መታወቂያ ለብቻው የሚቀበለው «ክሪኤት ኤለመንት ኤንኤስ» ነው።

የፓይተኑ «ኤለመንት ትሪ» በአንጻሩ ሙሉውን መታወቂያ በጥምዝ ቅንፍ አጥሮ ከስሙ በፊት ያስጽፋል። ባዕድ መነሻ ካልተመዘገበለት «ኤንኤስ ዜሮ» የሚል እንግዳ ምልክት ያትማል። ተማሪው ይደነግጣል፤ ሰነዱ ግን ጉድለት የለበትም። ለጀማሪ ከሚያምረው ይልቅ ይህ አስቀያሚው ይሻላል።

የኤክስኤምኤል 1.0 ደንብ በኤለመንት ስም ውስጥ የግእዝን ፊደል የፈቀደው እ.ኤ.አ. በ2008 በወጣው አምስተኛ እትም ነው። ስለዚህ ምሳሌው በአማርኛ ሊሰጥ ይችላል። አንዱን «አማኑኤል» በከተሞች ክልል፣ ሌላውን በሆስፒታሎች ክልል ያለ ባዕድ መነሻ ማስፈጠር፣ ከዚያም ከተማዋን ብቻ ማስፈለግ ለመጀመሪያው ሰዓት የሚበቃ ልምምድ ነው።