የማይስቀው አሳቂ

ጅቡቲ ከባቡር ጋር ያደገች ከተማ ናት። እ.ኤ.አ. በ1897 ሥራው ከወደቧ ተጀምሮ በ1917 አዲስ አበባ የደረሰው ሃዲድ ከሸቀጥ ሌላ ስንብትንም ሲያመላለስ ኖሯል። ባቡር ሲነሣ ቆሞ የቀረ ሰው ሆድ እንዴት እንደሚባባ ለሚያውቅ ተመልካች፣ በስተር ኪተን ከክላይድ ብሩክማን ጋር በ1926 የሠራው «ዘ ጄኔራል» የተሰኘ ድምፅ አልባ ኮሜዲ እንግዳ አይሆንበትም።

ርእሱ የሎኮሞቲቭ ስም ነው። ኪተን የሚጫወተው ባቡር ነጂ ጆኒ ግሬይ ሊዘምት ቢጠይቅ፣ በሙያው ይበልጥ ይጠቅማል ብለው ምክንያቱን ሳይነግሩት ይመልሱታል። የሚያፈቅራትም ልጅ የወታደር ልብስ ሳይለብስ እንዳያነጋግራት ትከለክለዋለች። አንገቱን ደፍቶ የሎኮሞቲቩን መንኰራኵሮች በሚያያይዘው ብረት ላይ ይቀመጣል። ባቡሩ ሲንቀሳቀስ ብረቱ ከፍ ዝቅ ያደርገዋል፤ እርሱ ግን በሐሳብ ሰጥሞ ቶሎ አያስተውልም። ሎኮሞቲቩ እውነተኛ ነበርና መንኰራኵሩ በድንገት ቢፈጥን ኪተንን ሊገድለው ይችል ነበር።

ትዕይንቱን አስቂኝ ያደረገው የአካሉ መንገላታት ብቻ አይደለም። ያን ሁሉ ብረት የሚያስረሳ ሐዘን እንዳለ ያለ አንድ ቃል ማሳየቱ ነው። ኪተን ፊቱን አያጣምም፤ ሳቁንም ሐዘኑንም ለተመልካቹ ይተውለታል።

ፊልሙ ነቀፌታ አያጣውም፤ ጀግናውን ለባርነት ሥርዓት ከተዋጋው የደቡብ ጦር ጎን አሰልፎ፣ ስለ ባርነት ግን አንዳች አይተነፍስም። በአካል የማሳቅ ጥበቡ ግን፣ በጩኸትና በተቀዳ ሳቅ ለሚታጀብ ኮሜዲ ሁሉ ዛሬም ትምህርት ነው፦ አሳቂው ቀድሞ ከሳቀ፣ ለተመልካቹ የሚተርፈው ጥቂት ነው።