የቀለማት አገርና የወርቁ ቁልፍ

በዓይን የማይታይ አገር በልብ ወለድ መሥራት ለደራሲ ቀላል ይመስላል። ወንዙን ወርቅማ፥ ተራራውን ሐምራዊ፥ ዛፉን ተናጋሪ ቢያደርገው የሚከለክለው የለም። ነገር ግን ከልካይ ባለመኖሩ ብዙው እንዲህ ያለ ድርሰት ፈሩን ይለቃል፤ ሁሉ በሚቻልበት አገር አንዱም ነገር ዋጋ አይኖረውምና። ስለዚህ እንዲህ ያለውን መጽሐፍ የሚመረምር ሰው አስቀድሞ ሊጠይቅ የሚገባው፥ አገሩ ምን ያህል ያስደንቃል ብሎ ሳይሆን፥ አገሩ ሕግ አለውን ብሎ ነው።

ጆርጅ ማክዶናልድ በእንግሊዝኛ ጽፈው በ1867 ያሳተሙት «የወርቁ ቁልፍ» የተባለው አጭር ተረት (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ነው) ለዚህ ጥያቄ መልስ አለው። ማክዶናልድ በ1824 በስኮትላንድ በሀንትሊ ከተማ ተወለዱ። በ1850 በደቡብ እንግሊዝ በአረንድል ከተማ የኮንግሬጌሽናል ቤተ ክርስቲያን ሰባኪ ሆኑ። ወንጌል ያልሰሙ አሕዛብ ከሞት በኋላ ምሕረት ያገኙ ይሆናል የሚል ተስፋ ስለ ገለጡ ግን ከማኅበሩ ሹማምንት ጋራ ተጣሉ፤ ደመወዛቸው ተቀነሰ፤ በ1853ም ሥራውን ተዉት። ከዚያ ወዲያ በ1905 እስኪሞቱ ድረስ ኑሯቸው የብዕር ሆነ። በዐውደ ምሕረት እንዳይሉት የተከለከሉትን በተረት ሊሉት ሞከሩ ቢባል ሐሰት አይሆንም።

ታሪኩ ይህ ነው። ሞሲ የተባለ ልጅ፥ በቀስተ ደመና እግር ሥር የወርቅ ቁልፍ እንደሚገኝ ከአንዲት አሮጊት ዘመዱ ይሰማል። አንድ ቀን ማታ ቀስተ ደመናውን በጫካ ውስጥ ያየዋል፤ ይህም ፀሐይ ከጠለቀች በኋላ እንኳ የማይጠፋ ነው። ልጁ ሰባቱን ቀለማት ለይቶ ይቈጥራል፤ ከሐምራዊው ወዲያ ሌላ ኅብር በኅብር ላይ ተደርድሮ ይታየዋል፤ ከቀዩም በፊት ከቶ አይቶት የማያውቀው ቀለም ቆሟል። እያንዳንዱ ቀለም እንደ ቤተ ክርስቲያን ዓምድ የሰፋ ነው፤ በውስጡም መልከ መልካሞች በጠመዝማዛ ደረጃ የሚሄዱ መስለው ቀስ ብለው ወደ ላይ ይወጣሉ። ልጁ በደስታ ራሱን ይረሳል፤ ሊፈልገው የመጣውን ቁልፍ እንኳ ይረሳል። በማግሥቱም ሲነቃ፥ እጀታው በሰንፔር የተሸለመውን ቁልፍ በአጠገቡ ያገኘዋል።

የድርሰቱ ምሥጢር በዚህች ስፍራ ላይ ነው። ካህናት አስማትና ድግምት የሞላበትን ተረት ቢጠረጥሩ አይፈረድባቸውም። ነገር ግን ጠንቋይ የሚባለው የተሰወረውን ኀይል በስም ጠርቶ፥ በመድኃኒት አስሮ ለፈቃዱ ሊያስገዛ የሚሻ ነው። በማክዶናልድ አገር ግን ልጁ ቀለሙን አይጠራም፤ ቀለሙ ልጁን ይጠራዋል። የሚያዝዘው ድንቁ ነው፤ የሚታዘዘው ሰው ነው። ቁልፉም የተገኘው ፈላጊው ራሱን ከረሳ በኋላ ነው። እንግዲህ ይህ ከጥንቆላ ይልቅ ለጸሎት የቀረበ ነው።

ደራሲው ይህን ያደረጉት ሳያስቡት አይደለም። በ1893 ስለ ተረት በጻፉት ድርሰት፥ ደራሲ ለፈጠረው ዓለም አዲስ የተፈጥሮ ሕግ ሊያወጣለት ይችላል፤ የግብረ ገብን ሕግ ግን ሊገለብጥ አይችልም ብለው አስተምረዋል። በዚህም አገር ዓሣ በአየር ላይ ይዋኛል፤ ክፉ ግን መልካም አይባልም። ታንግል የምትባለውን የተጣለች ልጅ መንገድ የሚመራት ይኸው ባለ ላባ ዓሣ ነው። ዓሣው በፈቃዱ ከድስቱ ይገባል፤ ከተበላም በኋላ ክንፍ ያለው ፍጥረት ሆኖ ይወጣል። በዮሐንስ ወንጌል ስለ ስንዴ ቅንጣት የተነገረውን ያነበበ ሰው የዚህን ነገር ምንጭ ለማወቅ አይቸገርም።

ቅኔ የተማረ አንባቢ ግን እዚህ ላይ ሊሳሳት ይችላል። ይህ ሰም ነው፥ ወርቁ የት አለ? ቁልፉ እምነት ነውን፥ ወይስ ሞት፥ ወይስ ፍቅር? እያለ አንዱን ይዞ ሊያስር ይሻል። ማክዶናልድ እንዲህ ያለውን አንድ ለአንድ ፍቺ አልወደዱም፤ አንባቢ ሁሉ እንደ አቅሙ ያገኘውን ይውሰድ ባይ ነበሩ። ስለዚህ ድርሰታቸው ከሰምና ወርቅ ይልቅ የአንድምታን መንገድ ይመስላል፤ «አንድም» ተብሎ ቢፈታ ሌላው «አንድም» አይሻርምና።

ሁለቱ ልጆች አብረው ሲሄዱ ባለቤቱ የማይታይ ጥላ የሞላበት ሜዳ ያገኛሉ፤ ጥላው ወደሚወድቅበት አገር ናፍቀውም ያለቅሳሉ። በዚያ ሜዳ ላይ ሳሉ የሞሲ ጠጕር ይሸብታል፤ የታንግልም ግንባር ይጨማደዳል፤ በጨለማም ይጠፋፋሉ። የባሕሩ ሽማግሌ ሞሲን በውኃ ካጠበው በኋላ፥ የቀመሰው ሞት እንደ ሆነ፥ ሞትም የሕይወት መብዛት እንደ ሆነ ይነግረዋል። ታንግል ሰባት ዓመት ተቀምጣ ስትጠብቀው ትገናኘዋለች፤ በመጨረሻም በቀስተ ደመናው ውስጥ ሽቅብ ይወጣሉ። ደራሲው ሲደርሱ አያሳዩንም፤ ይህም ትልቅ ትሕትና ነው።

ይሁን እንጂ ነቀፋ አይቀርለትም። በኦሪት ዘፍጥረት ቀስተ ደመና የተሰጠው ከጥፋት ውኃ በኋላ ነው፤ ኪዳኑ ኀጢአትንና ፍርድን ያስታውሳል። በማክዶናልድ አገር ግን ቀስቱ አለ፥ የጥፋት ውኃው የለም። ልጆቹ ይደክማሉ፥ ያረጃሉ፥ ይለያያሉ፤ ንስሐ ግን አይገቡም፤ የሚፈረድበትም፥ በሩ የሚዘጋበትም የለም። በአረንድል ያጣላቸው ተስፋ በዚህ በቀለም ተሥሎ ይገኛል። ተስፋው ከሰው ፍቅር የመጣ መሆኑ የታወቀ ነው፤ ነገር ግን ናፍቆት ትምህርተ ሃይማኖትን ሊተካ አይችልም።

ቢሆንም ናፍቆት ራሱ ቀላል ነገር አይደለም። ሲ. ኤስ. ልዊስ በ1916 ገና እምነት የሌለው ወጣት ሳለ የእኚሁ ደራሲ የሆነውን «ፋንታስቲስ» የተባለ መጽሐፍ ገዝቶ አነበበ፤ ኋላም የክርስትና ጠበቃ ከሆነ በኋላ፥ ያ መጽሐፍ አስቀድሞ ሐሳቡን እንዳጠመቀለት መሰከረ። የቀረው ሰውነቱ ግን ብዙ ዓመት ቈይቶ ነው የተከተለው። የእንዲህ ያለ ድርሰት ጥቅሙም ወሰኑም በዚህ ይታወቃል። «የወርቁ ቁልፍ» አንባቢውን እስከ ደጁ ያደርሰዋል፤ ያገሩንም ቀለም ያስናፍቀዋል። የንስሐውን መንገድ ግን ከመምህሩ ይማር፤ አባት ለልጁ ቢያነብለትም ይህን ጨምሮ ይንገረው።