«ምት» የሚለው ቃልና የቤዝቦል መዝገብ

እ.ኤ.አ. በ1969 የማክሚላን ማተሚያ ቤት በኮምፒዩተር እየታገዘ ያወጣው «የቤዝቦል ኢንሳይክሎፔዲያ» የአሜሪካ ታላላቅ ሊጎችን ተጫዋቾች ውጤት በአንድ ጥራዝ የያዘ ግዙፍ ሥራ ነው። የአሠራሩ ጥንቃቄ ያስመሰግናል። እኛ ግን መጽሐፉን የምንመረምረው በቁጥሮቹ ሳይሆን ቁጥሮቹን በተሸከሙት ቃላት በኩል ነው።

በ1887 በነበረው ደንብ መሠረት፣ ወርዋሪው ኳሷን በተገቢው ስፍራ ባለመወርወሩ መቺው በነጻ ወደ አንደኛው ቤዝ ሲያልፍ፣ ማለፉ እንደ «ምት» ይቆጠርለት ነበር። በዚሁ ዓመት የሴንት ሉዊስ ብራውንስ ተጫዋች የነበረው የቲፕ ኦኒል የምት አማካይ 0.492 ሆነ። ደንቡ በማግስቱ ዓመት ተሻረ። በ1968 ልዩ የመዛግብት ኮሚቴ ነጻ ማለፊያ በ1887ም ቢሆን ምት እንዳይባል ሲወስን፣ አማካዩ ወደ 0.435 ዝቅ አለ። ሰውየው በሜዳ የሠራው አልተለወጠም፤ የተለወጠው የቃሉ ፍች ነው።

ኮሚቴው ዘመናትን ለማወዳደር አንድ መስፈሪያ መሻቱ ተገቢ ነው። ይሁንና የ1887ን እህል በ1968 ቁና ሰፍሮታል። ስለዚህ የዚያን ዘመን ጋዜጣና ይህን መጽሐፍ ጎን ለጎን የሚተረጉም ሰው ሁለቱንም በደፈናው «ምት» ቢላቸው፣ አንዱን ሐሰተኛ ያደርገዋል። በእኛ አስተያየት ተርጓሚው «ምት»ን ከ«ነጻ ማለፊያ» ለይቶ፣ በ1887 ፊተኛው ኋለኛውን ያጠቃልል እንደነበር በግርጌ ሊያመለክት ይገባል። የፍችን ዘመን የማይጽፍ መዝገበ ቃላትም ቁናው ሳይታወቅ እንደተሰፈረ እህል ነው።