ስለ «ማለቂያ የሌለው በጋ» ፊልም አጭር ሒስ

የካሊፎርኒያው ብሩስ ብራውን ፊልም ሠሪ ብቻ ሳይሆን፣ ራሱ በሳንቃ ላይ ቆሞ የባሕር ማዕበል የሚጋልብ ሰው ነበረ። እ.ኤ.አ. በ1966 በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች በሰፊው የታየው «ማለቂያ የሌለው በጋ» የተባለው ሥራው፣ ማይክ ሂንሰንና ሮበርት ኦገስት የተባሉ ወጣቶች በጋን እየተከተሉ ከሴኔጋልና ከጋና አንሥቶ እስከ ደቡብ አፍሪካ፣ አውስትራሊያና ታሂቲ ድረስ ማዕበል ፍለጋ ያደረጉትን ጉዞ ይተርካል።

ፊልሙ ውበት የለውም አንልም። ወጣቶቹ የአሸዋውን ክምር ተሻግረው ኬፕ ሴንት ፍራንሲስ ላይ ከማዕበሉ ጋር ሲገናኙ፣ ደስታቸው ባሕር አይቶ ለማያውቅ ተመልካች እንኳ ይጋባል። ይኸውም ብራውን የሚያሳየውን ነገር በገዛ አካሉ ስለሚያውቀው ነው።

ነገር ግን በፊልሙ ውስጥ የምንሰማው የብራውንን ትረካ ብቻ ነው። በጋና የባሕር ዳር ሕዝቡ በእንግዶቹ የሚደነቅ፣ ልጆቹም ከእነርሱ የሚማሩ ሆነው ይቀርባሉ። እኛ ግን አንድ ምስክር እንጠራለን። ጄምስ አሌክሳንደር የተባለ የብሪታንያ መኮንን በ1834 አክራ ላይ፣ ልጆች ቀላል ሳንቃ በሆዳቸው ሥር አድርገው ወደ ባሕር ሲዋኙና በማዕበሉ ላይ ሆነው ሲመለሱ አይቶ ጽፏል። እንግዲህ በማዕበል መጫወት ለአገሩ ልጆች አዲስ ነገር አልነበረም።

ብራውን በ2017 ዐረፈ፤ ፊልሙ ግን ለብዙ ተከታዮች አብነት ሆኗል። ስለዚህ ፍርዳችን እንደሚከተለው ነው፦ ማዕበሉን በሚገባ ተመለከተው፤ በማዕበሉ ዳር የሚኖረውን ሰው ግን አልጠየቀውም።