ነጥቧን ማሻገር

ከሒሳብ ስሌቶች ሁሉ አስርዮሽን በአስርዮሽ ማካፈል በጣም ደስ ይለኛል። የብቸናን የጤፍ ገበያ ያስቡ፦ 13.5 ኪሎ ጤፍ 0.75 ኪሎ በምትይዝ ጣሳ ቢሰፈር ስንት ጣሳ ይወጣዋል? አካፋዩ ከአንድ ሲያንስ ተማሪ ግራ ይጋባል። መፍትሔው ግን እንዴት ያምራል! የሁለቱንም ነጥብ እኩል ሁለት ቤት ወደ ቀኝ ማሻገር ነው። ሁለቱም በ100 ስለተባዙ ድርሻው አይለወጥም። ስሌቱ 1350 ሲካፈል ለ75 ይሆናል። 75 በ135 ውስጥ አንድ ጊዜ ይገኛል፤ 60 ይተርፋል፤ ዜሮዋ ትወርዳለች፤ በ600 ውስጥ ስምንት ጊዜ። 18 ጣሳ፣ ያለ ቀሪ።

ቀሪ ቢኖርም ዜሮ እያወረዱ መቀጠል ይቻላል። ከብቸና እስከ ሞጣ የቤተ ክርስቲያን በዓላት የሚወጡበት የዘመን ስሌት፣ ባሕረ ሐሳብ፣ ግን የሚፈልገው ቀሪውን ራሱን ነው። ለ2016 ዓ.ም. 5500 ተደምሮ 7516 ይሆናል፤ ለ19 ሲካፈል 11 ይተርፋል፤ አንድ ሲቀነስ ወንበር የሚባለው ቁጥር 10 ነው። አበቅቴና መጥቅዕ የሚባሉት ቁጥሮች፣ ከዚያም ጾሙና ፋሲካው ከዚህች ቀሪ ይወጣሉ። መምህራን ሁለቱን ስሌቶች በአንድ ሰሌዳ ላይ ጎን ለጎን ቢያሳዩ እንዴት ደስ ባለኝ!