ጥልፍልፍ መንገድና ቀና መንገድ፤ የላቢሪንት ምሳሌ በአዊ አገር ሲመረመር

ከግሪኮች ተረት የመጣው ላቢሪንት የሚባለው ነገር በዘመናችን የሃይማኖትና የሥነ ልቡና ጸሐፊዎች አዘውትረው የሚጠሩት ምሳሌ ሆኗል። ላቢሪንት ማለት እየተጠማዘዘና እየተጣጠፈ የሚሄድ፣ የገባበትን ሰው ግራ የሚያጋባ መንገድ ወይም ቤት ማለት ነው። ተረቱ እንደሚለው ዴዳሎስ የተባለው ጠቢብ ለቀርጤስ ንጉሥ ለሚኖስ ሠራው፤ ግማሽ አካሉ ሰው፣ ግማሽ አካሉ በሬ የሆነ አውሬም በመካከሉ ተዘጋበት፤ ቴሴዎስ የተባለው ጎልማሳ አውሬውን ገድሎ ሊወጣ የቻለው አርያድኔ በሰጠችው ክር እየተመራ ነው። የመካከለኛው ዘመን የምዕራብ ክርስቲያኖች ይህን የአረማውያን ተረት ወርሰው የላቢሪንትን ሥዕል በካቴድራሎቻቸው ወለል ላይ አነጠፉት። ከእነዚህም ስመ ጥሩው በፈረንሳይ አገር በሻርትር ካቴድራል የሚገኘው የ13ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ነው። የክበቡ ስፋት 13 ሜትር ያህል ብቻ ሲሆን፣ መንገዱ በ11 ዙር እየታጠፈ ስለሚሄድ ርዝመቱ ከ250 ሜትር በላይ ይሆናል።

ጀርመናዊው ሄርማን ኬርን በ1982 እ.ኤ.አ. ባሳተመው ሰፊ መጽሐፍ ሁለት ነገሮች እንዳይደባለቁ አስጠንቅቋል። አንደኛው መንታ መንገድ የሌለው፣ የሄደበትን ሰው ሁሉ የግድ ከመካከሉ የሚያደርስ ላቢሪንት ነው፤ ሁለተኛው ብዙ መንታና ብዙ የተዘጋ መንገድ ያለው መጥፊያ ነው። ዛሬ ለሕይወት ምሳሌ ሆኖ የሚሰበከው የመጀመሪያው ነው። በ1991 እ.ኤ.አ. በሳን ፍራንሲስኮ በግሬስ ካቴድራል የሻርትሩ ላቢሪንት አምሳያ ለሕዝብ ተከፈተ፤ የዚህ እንቅስቃሴ መሪ የሆኑት ሎረን አርትረስም በ1995 እ.ኤ.አ. መጽሐፍ ጻፉበት። ከዚያ ወዲህ በብዙ አገር ሰዎች በላቢሪንት ላይ እየተራመዱ ያሰላስላሉ።

ምሳሌው በአጭሩ ሲነገር እንዲህ ነው፤ ሕይወት ጠመዝማዛ መንገድ ናት። ሰው ወደ መካከሉ የቀረበ ሲመስለው ይርቃል፣ የራቀ ሲመስለው ይቀርባል፤ ታግሦ ከሄደ ግን ከመካከሉ ደርሶ ራሱን ወይም አምላኩን ያገኛል። ምሳሌው ያማረ መሆኑን የሚክድ የለም። ችግሩ የሚጀምረው የሰው ልጅ ሁሉ የጋራ ምሳሌ ነው ተብሎ ሲደመደምና በዚሁ መነጽር የኢትዮጵያ ክታብ፣ ክቡ ቤተ ክርስቲያንና የላሊበላ ዋሻ ሲታዩ ነው። መልካቸው ይመሳሰላልና መደምደሚያው ቀላል ይመስላል። ነገር ግን መልክ ከመልክ መመሳሰሉ ትርጉም ከትርጉም ለመመሳሰሉ ማስረጃ አይሆንም።

ነገሩን ለመመርመር የአዊ አገር ተስማሚ ቦታ ነው። እንጅባራንና ከእርሷ በስተ ሰሜን ያለችውን ዳንግላን የያዘው ይህ ምድር የአገው ሕዝብ አገር ሲሆን፣ የራሱ ቋንቋ የሆነውን አውኚን እየተናገረ ከጎጃም የቤተ ክርስቲያን ሕይወት ጋር ለብዙ ዘመን ተዋሕዶ የኖረ ነው። ስለዚህ ከውጭ የሚመጣ ምሳሌ ሁለት ፈተና ይጠብቀዋል፤ አንዱ የቤተ ክርስቲያኑ ሥርዓት ነው፣ ሌላው የሕዝቡ ቋንቋና ልማድ ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ ጥልፍልፍ መስመር በግልጽ የሚታይበት ክታብ ነው። ክታብ በጎጃምም ሆነ በሌላው የሰሜን ክፍል ደብተራ የሚጽፈው፣ በብራና የሚዘጋጅ ጥቅል ነው። ርዝመቱ በባለቤቱ ቁመት ልክ እንዲሆን ይደረጋል፤ ይኸውም ሰውየውን ከራስ ጠጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ እንዲጠብቀው ነው። የባለቤቱም የክርስትና ስም በጸሎቱ መካከል ይገባል። በላዩ ሰይፍ የመዘዘ መልአክ፣ ዐይኖች፣ በመካከሉ ፊት ያለበት ባለ ስምንት ጫፍ ኮከብና እርስ በርሱ የተጠላለፈ ሐረግ ይሣላል። በክታብ ከሚገኙት ጸሎቶች አንዱ መርበብተ ሰሎሞን ይባላል። ንጉሡ ሰሎሞን አጋንንትን እንደ ዓሣ ያጠመደበት መረብ ማለት ነው፤ ሊቁ ሰባስቲያን ኦይሪንገር ከ1928 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ጽሑፉን ከትርጓሜው ጋር አሳትመውታል።

እንግዲህ ጥያቄው በጥልፍልፉ ውስጥ የሚገባው ማን ነው የሚል ነው። በሻርትር ወለል ላይ የሚራመደው ምእመኑ ነው። በክታቡ ግን መስመሩ የተጠላለፈው ሰው እንዲጓዝበት ሳይሆን ጋኔን እንዲያዝበት ነው። መረብ መንገድ አይደለም፤ ዓሣውም ወደ መረቡ የሚገባው ራሱን ለማግኘት አይደለም። ስለዚህ መልኩ ላቢሪንት የሚመስለው ነገር አገልግሎቱ የተገላቢጦሽ ነው፤ መጥፋቱ ለጠላት ነው፣ ለባለቤቱ የታሰበለት ግን መዳን ነው።

ዣክ መርሲዬ በ1979 እ.ኤ.አ. ስለ ኢትዮጵያ የክታብ ጥቅሎች፣ በ1997 እ.ኤ.አ. ደግሞ በኒው ዮርክ ስለ ፈዋሽ ሥዕል ባሳተሙአቸው መጻሕፍት ይህን ነገር በሚገባ አስተውለዋል። ሥዕሉ የሚነጣጠረው በሕመምተኛው ውስጥ ባደረው መንፈስ ላይ መሆኑን፣ መንፈሱም በሕመምተኛው ዐይን አማካይነት አይቶ እንደሚሸሽ አስረድተዋል። ይህ ትልቅ ውለታ ነው። ሆኖም ክታቡ በሙዚየም ግድግዳ ላይ ተዘርግቶ ጥበብ ተብሎ ሲሰቀል፣ ተመልካቹ በሐረጉ ይማረካል እንጂ በጸሎቱ መካከል የተጻፈውን የክርስትና ስም አያነብም። ያ ስም ታሞ የነበረ፣ ልጁ እንዳይሞትበት የፈራ ወይም እንቅልፍ ያጣ የአንድ ሰው ስም ነው። ጥልፍልፉን ለሕይወት ጉዞ ምሳሌ ነው ብሎ መተርጐም ይህን ሰው ሁለተኛ ጊዜ መርሳት ይሆናል። ከዚህም ሌላ ክታብን የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን መንፈሳዊ ትምህርት አድርጎ ማቅረብ ስሕተት ነው። ከ1434 እስከ 1468 እ.ኤ.አ. የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ አስማትንና ጥንቆላን አጥብቀው መቃወማቸው የታወቀ ነውና፣ የደብተራው ሥራና የመምህሩ ስብከት አንድ ሆነው አያውቁም።

ሁለተኛው ምስክር ቋንቋው ነው። አማርኛ ስለ መንገድ ሲናገር ስለ ጠባይም ይፈርዳል። ክፉ ሰው ጠማማ ይባላል፤ ደግ ሰው ቅን ይባላል፤ ቅንነትም ከመቅናት፣ ማለትም ቀጥ ከማለት የመጣ ቃል ነው። ኃጢአት የሠራ ሰው መንገድ ሳተ ይባላል፤ ስሕተት የሚለው ቃል ራሱ ከመሳት የወጣ ነው። መንገደኛ ሲሸኝ የሚመረቀው ጉዞው እንዲጠማዘዝና እንዲያስተምረው አይደለም፤ መንገዱን ጨርቅ ያድርግልህ ተብሎ ነው። በወንጌል የተነገረውም የሕይወት በር ጠባብ ነው እንጂ ጠማማ አይደለም። በእንዲህ ያለ ቋንቋ ያደገ ሰው መጠማዘዝ ራሱ ወደ እግዚአብሔር ያደርሳል ሲባል ቢሰማ ጆሮው ይቈረቍረዋል። ፍሬ ነገሩ ሊገባው ይችላል፤ ነገር ግን የራሱ ቃላት ይቃወሙታል።

ሦስተኛው ክቡ ቤተ ክርስቲያን ነው። በጎጃም እንደሚታወቀው ብዙው ቤተ ክርስቲያን ክብ ሆኖ በውስጡ በሦስት ይከፈላል፤ መዘምራን የሚቆሙበት ቅኔ ማኅሌት፣ ሥጋ ወደሙ የሚሰጥበት ቅድስት፣ ታቦቱ የሚቀመጥበት መቅደስ ናቸው። ከውጭ ደግሞ በቅጽር ይከበባል። ከላይ ሆኖ ሲታይ ክበብ በክበብ ውስጥ ነውና ከሻርትሩ ሥዕል ጋር ማመሳሰል አያስቸግርም። ልዩነቱ የሚገለጠው ግን ሰው በውስጡ ሲቆም ነው። ምእመኑ ወደ መካከሉ እየተጓዘ አይደርስም፤ መቅደሱ ለካህናትና ለዲያቆናት ነው። ከምእመናንም ብዙዎቹ ለመግባት ብቁ አይደለንም ብለው ከቅጽሩ ወይም ከደጁ ተሳልመው ይመለሳሉ። ከቅጽሩ ውጭ ቆሞ የሚጸልይ ሰው ጉዞውን ያልጨረሰ ተጓዥ ነው ተብሎ አይቈጠርም፤ ቦታው እርሱ ነው። መካከሉ የት እንደ ሆነ ያውቃል፣ መንገዱም አልጠፋውም፤ የሚያግደው ጥልፍልፍ ሳይሆን ክብር ነው።

የነገሩ ዋና ቍም ነገር ከዚህ ይገኛል። በላቢሪንት ሰው ወደ መካከሉ ይሄዳል፤ በዚህ ግን መካከሉ ወደ ሰው ይወጣል። በዓመታዊው በዓል ታቦቱ ከመቅደስ ወጥቶ ቤተ ክርስቲያኑን ሦስት ጊዜ ይዞራል። በጥር 10 ቀን ደግሞ በከተራ ወደ ውኃ ወርዶ ከሕዝቡ ጋር ያድራል፤ በማግሥቱ በጥምቀት በእልልታና በዝማሬ ታጅቦ ይመለሳል። በዚያን ዕለት ከቅጽር ውጭ ይቆም የነበረው ሰው ከታቦቱ አጠገብ ይሄዳል። ጉዞውም የብቻ አይደለም። ብቻውን አቀርቅሮ በመስመር ላይ የሚራመደው የሳን ፍራንሲስኮ ተጓዥና በጥምቀት ጊዜ ከሰፈሩ ጋር የሚዘምረው የዳንግላ ምእመን ሁለቱም ክበብ ዞረዋል ሊባል ይቻላል፤ ነገር ግን ያደረጉት አንድ ነገር አይደለም። የአዊ ሕዝብ በሌላም በዓሉ ይህንኑ ጠባይ ያሳያል፤ በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓሉን ጥር 23 ቀን በእንጅባራ ሲያከብር የሚታየው በአንድነት የወጣ ሕዝብ ነው።

በዚህ ላይ ተቃዋሚ ሊነሣ ይችላል። የአገው ነገሥታት ከሆኑት ከዛጔዎች ዘመን የተረፈውና የአዊ አፈ ታሪክ የሰባቱ ቤት አባቶች መጡበት ከሚለው ከላስታ ምድር የሚገኘው ላሊበላ፣ በቦይና በዋሻ የተያያዘ እውነተኛ ላቢሪንት አይደለምን ይል ይሆናል። ክርክሩ ተገቢ ነው። በተለይ ከቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል ወደ ቤተ መርቆሬዎስ የሚያደርሰው ጨለማ ዋሻ የሲኦል ምሳሌ ነው እየተባለ ይነገራል፤ ምእመኑ እጁን ከግድግዳው ላይ አድርጎ በጨለማ ያልፍና ወደ ብርሃን ይወጣል። በኢትዮጵያ የላቢሪንትን ምሳሌ ይበልጥ የሚቀርበው ይህ መሆኑን መቀበል ያስፈልጋል። ይሁን እንጂ ከዚህም ላይ ሁለት ነገር ይለያል። የተፈለገው ነገር ያለው በጨለማው መካከል ሳይሆን ከጨለማው ወዲያ ነው፤ ጨለማውም የሕይወት ጉዞ ጥበብ ሳይሆን ሰው የሚያመልጠው ፍርድ ነው። በላሊበላ የሚያልፈው ሰው ዋሻውን አይወደውም፤ መውጫውን ይናፍቃል።

ላቢሪንትን የግድ ከመሬቱ ላይ መፈለግ ካስፈለገ ደግሞ ዓባይ አለ። ከ1925 እስከ 1934 እ.ኤ.አ. በዳንግላ የእንግሊዝ ቆንስል ሆነው የተቀመጡት ሮበርት ቺዝማን የወንዙን አካሄድ ተከታትለው ያዩትን በ1936 እ.ኤ.አ. ስለ ጣና ሐይቅና ስለ ዓባይ ባሳተሙት መጽሐፍ ገልጸዋል። ወንዙ ከአዊ አጠገብ በሰከላ ከግሽ ዓባይ ይፈልቅና ወደ ሰሜን ወርዶ ጣና ይገባል፤ ከጣናም ወጥቶ ወደ ደቡብ፣ ቀጥሎም ወደ ምዕራብ እየታጠፈ ጎጃምን ይከብባል። ከዚህ የበለጠ ጥልፍልፍ መንገድ በአገሩ የለም። ሆኖም አቅጣጫውን ማስተዋል ይገባል። ዓባይ ከዳር ተነሥቶ መካከልን የሚፈልግ አይደለም፤ ከምንጩ ተነሥቶ ወደ ዳር የሚሄድ ነው። ሰዎች ከግሽ ጠበል ፍለጋ የሚሄዱት ከምንጩ የሚወጣ ነገር አለ ብለው ስለሚያምኑ ነው። ታቦቱ ከመቅደስ ሲወጣ የታየው አቅጣጫ በወንዙም ይታያል።

ከዚህ ሁሉ የሚገኘው ውጤት የላቢሪንት ምሳሌ ሐሰት ነው የሚል አይደለም። ለሻርትር ሰዎች እውነት ነበረ፤ ዛሬም ለሚራመዱበት ሊጠቅም ይችላል። ውጤቱ ይህ ነው፤ በአዊ አገር ክበብም ጥልፍልፍም ቢኖር፣ ጥልፍልፉ ለጋኔን፣ ክበቡ ለክብር፣ መንገዱ ደግሞ ለቅኖች ሆኖ ይገኛል። ሦስቱን በአንድ የውጭ ቃል መጠቅለል ምርመራን ማቋረጥ ነው፤ ሰው ፈልጎ የሚደርስበት መካከልና ራሱ ወጥቶ ሰውን የሚፈልግ መካከል ሁለት የተለያዩ እምነቶች መሆናቸውንም ይሸፍናል።

ነገሩ በአማርኛ ብቻ ሊዘጋ ደግሞ አይገባውም። ከዚህ በላይ ስለ ቀናና ስለ ጠማማ የተባለው ሁሉ የአማርኛ ምስክርነት ነው፤ የአዊ ልጅ አፉን የሚፈታው ግን በአውኚ ነው። ሮበርት ሄትዝሮን በ1969 እ.ኤ.አ. የዚህን ቋንቋ የግሥ ሥርዓት የሚያስረዳ መጽሐፍ አሳትመዋልና ለሰዋስዉ መሠረት ተጥሏል። የሚቀረው ሽማግሎች መንገድን፣ መሳትንና መመለስን በራሳቸው ቃል ሲናገሩ ሰምቶ መመዝገብ ነው። ከእንጅባራና ከዳንግላ የሚመጡ ተማሪዎች ለዚህ ሥራ ከማንም የበለጠ ዕድል አላቸው። ምሳሌውን ከሻርትር ከመበደራቸው በፊት በእናታቸው ቋንቋ መንገደኛ እንዴት እንደሚመረቅ ጽፈው ቢያመጡ ክርክሩ ከዚያ በኋላ በእውነተኛ ማስረጃ ላይ ይቆማል።