የዛጎል ወዝ

ዛጎልን የሚሠራው ከቀንድ አውጣ ወገን የሆነ፣ ቀይ ባሕርን ጨምሮ በሞቃት ባሕሮች የሚኖር ለስላሳ እንስሳ ነው። አካሉን የሚሸፍነው ስስ ሥጋ ከባሕር ውሃ የተገኘውን ካልሲየም ከጥቂት ፕሮቲን ጋር አዋህዶ ድርብ በድርብ ያነጥፈዋል። የሚወጣው ካልሲየም ካርቦኔት ነው፤ እብነ በረድም ከዚሁ ነው።

የብዙ ቀንድ አውጣዎች ቅርፊት ውጩን አሸዋና ሞገድ ይፍቀዋል። ዛጎል ግን ያንን ስስ ሥጋ በግራና በቀኝ አውጥቶ ጀርባውን ይለብሰዋል፤ ከውጭም ይለስነዋል። ወዙ ከዚያ ነው እንጂ ሰው ወልውሎት አይደለም። በልጅነቱ ጠመዝማዛ ነው፤ ሲጎለምስ ከንፈሩ ወደ ውስጥ ይታጠፍና ጥርስ ያበቅላል፣ አፉም ጠባብ ስንጥቅ ይሆናል። ከዚያ ወዲያ ይወፍራል እንጂ ቁመት አይጨምርም። ሸርጣን ጥፍሩን ሊያስገባ ቢሞክር መግቢያ የለም፤ ክቡ ጀርባም ያንሸራትተዋል።

ለራሱ ምሽግ የሠራው ለሰው ገንዘብ ሆነ፤ ከማልዲቭ ደሴቶች በመርከብ እየተጫነ እስከ ምዕራብ አፍሪካ ገበያ ደርሷል። በእኛ አገር አንቀልባ ላይና በሐመር ሴቶች የቆዳ ልብስ ላይ ይሰፋል። ታዲያ እንዲመች ብዙ ጊዜ ጀርባው ይቆረጣል፤ ያ ሁሉ የተለፋበት ወዛም ጀርባ ይጣልና ጥርሱ ለዓይን ይቀርባል። እኔ ብሆን ጀርባውን አልጥልም ነበር።